ጎማው ቀጥ ይበል

በዚህ ከተማ መሪ ከጨበጠው ሰው ግማሹን ያስተማርኩት እኔ ነኝ። አርባ ሺህ ሰው! ሐኪም አስተምሬያለሁ፣ ዳኛ አስተምሬያለሁ፣ አውሮፕላን አብራሪ ሳይቀር አስተምሬያለሁ። ሰማዩን እንደ ልቡ የሚያቋርጠው ሰውዬ አንዲት አደባባይ ስትገጥመው በላብ ሲጠመቅ፣ ግንባሩን በገዛ መሀረቤ ጠርጌለታለሁ። በእኔ እጅ አልፎ ፈተና የወደቀ የለም። ወደቀ ከተባለም ፈታኙ ነው የወደቀው።

ይህን ወሬ ስጀምር ባለቤቴ ከስፌት መኪናዋ ቀና ሳትል፣ መርፌዎቿን በከንፈሯ እንደያዘች፣ "አንድ ዜሮ ቀንስ" ትለኝ ነበር። እንግዳ ፊት ሳይቀር። አርባ ሺሁ አራት ሺህ ይሆናል። ሁለት መቶ ሰው ፊት ተከራክሬ ረታሁ ካልኩ፣ ሰዎቹ ሃያ ይሆናሉ። ደሜ የሚፈላው ደግሞ ሒሳቧ ሁልጊዜ ልክ መሆኑ ነው። ሃያ ስድስት ዓመት አብረን ስንኖር አንድም ጊዜ ተሳስታ አታውቅም።

ተማሪዎቼ "ጋሽ ጠምዝዝ" ይሉኛል። ስሙን ያወጣልኝ የግራ መታጠፊያዬ ነው። የማስተማሪያዋ መኪና ውስጥ በቀኝ በኩል እቀመጣለሁ፣ እግሬ ሥር የእኔ ብቻ የሆነ ሁለተኛ ፍሬን አለ፤ ለማጁ መስቀለኛ መንገድ መሐል ገብቶ ከፊት ለፊት የሚመጣው መኪና እስኪያልፍለት ሲጠብቅ "ጠምዝዝ!" እላለሁ። መሪውን ቀድሞ ወደ ግራ ይጠመዝዛል፣ ጎማዎቹ ዞረው ይጠብቃሉ። ክፍተት ሲገኝ ፍሬኑን መልቀቅ ብቻ ነው፤ መኪናዋ እንደ ድመት ትሾልካለች። "ሠላሳ ሰከንድ ታተርፋለህ" እላቸው ነበር። ሌሎቹ አስተማሪዎች ይህን አያስተምሩም። ስለማይችሉበት ነው እል ነበር።

ባለቤቴ መንዳት የተማረችው በአርባ አንድ ዓመቷ ነው። ልብስ ሰፊ ነበረች፤ የቤታችን የፊት ክፍል ሱቋ ነው። በኋላ ላይ ለሆቴሎች መጋረጃ መስፋት ጀመረች። መጋረጃ ደግሞ በብብት ይዘውት ታክሲ የሚገቡበት ነገር አይደለም። አንድ ቀን ጥቅልሉን ተሸክማ ሦስት ታክሲ አልጭንም ሲላት፣ ቤት ገብታ "ባሌ ከተማውን ሁሉ አስተምሮ እኔ በእግሬ!" ብላ ፊት ነሳችኝ። በማግስቱ ጀመርን።

የመጀመሪያው ትምህርት የልብስ መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ነበር። በራሷ ጠመኔ መስቀለኛ መንገድ ሳልኩላት፤ በየአቅጣጫው መሐሉን ከፍዬ ሁለት ሁለት መስመር አደረግኩ። ቀዩ የክር ጥቅል የእሷ መኪና ሆነ፣ ጥቁሩ ከፊት ለፊት የሚመጣው።

"ወደ ቀኝ ማንም ይታጠፋል" አልኳት ጉሮሮዬን ጠርጌ። "ወደ ግራ ስትታጠፊ ግን የሰው መንገድ ልታቋርጪ ነው። ስለዚህ ለማኟ አንቺ ነሽ። ያልፋል፣ ትጠብቂያለሽ። ገባሽ?"

"ገባኝ ጌታዬ።"

"አትቀልጂ። መስመርሽን ከሩቁ ያዥ፤ ፍሬቻ አብሪ፣ በስፖኪዮ እዪ፣ ትከሻሽን ዞር አድርገሽ ደግሞ እዪ፣ ከዚያ ወደ ግራው መስመር ግቢ። መስቀለኛው አፍ ላይ ደርሰሽ ከቀኝ መስመር ዘው እንዳትይ። መስመሩ ካመለጠሽ ቀጥ ብለሽ ሂጂ፣ ወደፊት ዞሮ መመለሻ አይጠፋም። ከግራ መስመር ተነስተሽ የምትገቢውም ወደ ግራው መስመር ነው። እንደነዚያ ጉደኞች ተለጥጠሽ ቀኙን ብትይዢ፣ እዚያ መብት ያለው ሌላ ሰው አለ።"

ቀዩን ክር በጣቷ እየነዳች በጠመኔው መስመር ላይ ወሰደችው፤ አንድ ፀጉር ታህል አልሳተችም። ዕድሜዋን ሙሉ በመስመር ላይ መቀስ የነዳች ሴት ናት። እስከዚህ ድረስ ያስተማርኳትን መልአክ ቢወርድም የተሻለ አያስተምራትም ነበር።

"አሁን ደግሞ የባልሽን ጥበብ ስሚ" አልኩ። "መሐል ላይ ቆመሽ ስትጠብቂ መሪውን ቀድመሽ ጠምዝዢው። ሠላሳ ሰከንድ ታተርፊያለሽ።"

"አንድ ዜሮ ቀንስ።"

"ሦስትም ቢሆን ሦስት ነው!"

ቀዩን ክር ወደ ግራ አስጋደደችው፤ ከዚያ አረንጓዴ ክር አንስታ ከኋላው አቆመችና በጣቷ ገፋችው። ቀዩ መሐል ያለውን መስመር ተሻግሮ ጥቁሩን መታና ከጠረጴዛው ወደቀ። እየተንከባለለ ስፌት መኪናው ሥር ገባ።

"ከኋላ ቢገፉኝስ?" አለች። "ጎማዬ ዞሮ ከጠበቀ የሚወስደኝ እኮ እሱ ላይ ነው።"

"ክር ፍሬን የለውም፣ እመቤቴ!" ብዬ ሳቅኩ። "ደግሞስ የጋሽ ጠምዝዝን ሚስት ማን ደፍሮ ይነካል?"

እሷም ሳቀች። ተንበርክካ ክሯን ከስፌት መኪናው ሥር አወጣች፣ አቧራውን በቀሚሷ ጠረገች፣ ተወችው።

ፈተናዋን በመጀመሪያው አለፈች። አሮጌ መኪና ገዛን፤ የኋላ ወንበሯን አጥፋ መጋረጃ ትጭናለች። አንድ ቀን እኔን ከጎኗ አድርጋ ስትነዳ፣ ጎሚስታው ፊት ያለው መስቀለኛ መንገድ ላይ ወደ ግራ ለመታጠፍ ቆመች። ልክ ከአጠገባችን በቀኝ መስመር የሥራ ባልደረቦቼ መኪና ቆሟል፤ አራት አስተማሪዎች። ወደ ታች አዩ። እኔም አየሁ። የባለቤቴ ጎማ ቀጥ ብሎ ቆሟል።

አንደኛው መስታወቱን ዝቅ አድርጎ፣ "ጋሽ ጠምዝዝ፣ ቤት ውስጥ አልሰማ አሉህ እንዴ?" አለኝ። መኪናው ሙሉ በሳቅ ፈረሰ።

"አንቺ" አልኳት በጥርሴ መሐል፣ "ጠምዝዢው እንጂ!"

"ከኋላ ቢገፉኝ ብዬ ነው። ነግሬህ አልነበር?"

"ኧረ በናትሽ ሰው ፊት አታዋርጂኝ።"

አየችኝ። ተቆጥታ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። ልጅ ሲያስቸግር እንደምታየው አየችኝና መሪውን ወደ ግራ አዞረች።

"ይኸው" አለች። "ጠመዘዝኩልህ።"

ከዚያ ቀን ወዲህ ሁልጊዜ ትጠመዝዝልኝ ነበር። እኔ በሌለሁበትም።

ማክሰኞ ጠዋት ነበር። ቡናማ መጋረጃ ጭና ወደ አንድ ሆቴል እየሄደች ነው። በኋላ ያዩ ሰዎች እንደነገሩኝ ሁሉን አሟልታ ነው የሠራችው። ከሩቅ ፍሬቻ አበራች፣ የግራውን መስመር ቀድማ ያዘች፣ ጎሚስታው ፊት ያለው መስቀለኛ መሐል ገብታ ቆመች፣ ከፊት የሚመጡትን እያሳለፈች ጠበቀች። ሁሉን በመጽሐፉ ሠራች፤ አንዷን ብቻ በእኔ። ከኋላዋ የመጣው የዳቦ ማከፋፈያ መኪና ሹፌር ዓይኑን ለአፍታ ከመንገዱ አንስቶ ነካት። ነካት ነው የምለው። የኋላ መብራቷ እንኳ አልተሰበረም። ግን መኪናዋ ጎማው ወዳየበት ሄደች። ከፊት ለፊት አሸዋ የጫነ መኪና እየመጣ ነበር።

ይህቺን ላጋንናት አልችልም። ላሳንሳትም አልቻልኩም።

ጉዳዩን የመረመረው ትራፊክ ፖሊስ የድሮ ተማሪዬ ነው። ቢሮው አስጠራኝና በር ዘጋ። ጠረጴዛው ላይ የመስቀለኛ መንገዱ ሥዕል ነበር፤ ሁለት ሁለት መስመር፣ አራት ማዕዘን ሆነው የተሳሉ መኪናዎች። የእሷን በቀይ እስክሪብቶ ነበር የሣለው። ማን ነግሮት ይሆን?

"ጋሼ" አለ አንገቱን ደፍቶ፣ "ጎማው ወደ ግራ ዞሮ ነው የተገኘው።"

"ሲገጫት ዞሮ ይሆናል።"

"አይደለም። ሁለት ሰው አይቷታል። ጠምዝዛ ነበር የምትጠብቀው።" እስክሪብቶውን አስቀመጠ። "ጎማው ቀጥ ብሎ ቢሆን አንድ ሁለት ክንድ ወደ ፊት ትገፋ ነበር፤ እዚያው መስመሯ ላይ። ፓራውልት ይጨረመት ነበር። ወርደው ተጨቃጭቀው ይለያዩ ነበር።"

ተጨቃጭቀው። ባለቤቴ ያንን የዳቦ ሹፌር እንዴት አድርጋ በስድብ እንደምታጥበው በዓይኔ መጣብኝ። ለእራት የሚበቃ ወሬ ይዛ ትመጣ ነበር እኮ።

"አንተስ?" አልኩት። "አንተ እንዴት ነው የምትጠብቀው?"

"ቀጥ አድርጌ። ፖሊስ ትምህርት ቤት በገባሁ በመጀመሪያው ሳምንት አስተዉኝ።"

"ታዲያ ለምን አልነገርከኝም?"

ቀና ብሎ አየኝ። "ለእርስዎ ማን ይነግራል፣ ጋሼ?"

ቤት ስደርስ ልጄ በእናቷ ወንበር ተቀምጣለች። ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው፤ ቤት ውስጥ ሚጢጢ ነው የምንላት፣ አሁን በቁመት ብትበልጠኝም። "ምን አለ ፖሊሱ?" አለችኝ። አፌን ከፈትኩ። "የዳቦው መኪና ነው" አልኩ። "በመቶ ሃያ ይበር ነበር።"

ያን ቀን የጀመርኩትን ስምንት ወር ሙሉ አወራሁት። ለቅሶ ለመጣ ሁሉ፣ ሱቅ ለመጣ ሁሉ፤ በመቶ ሃያ! ሰው ከንፈሩን ይመጥጣል። ልጄ ያንን ሰውዬ ጥርሷን ነክሳ ጠላችው፤ ዳቦ የምትገዛበትን ሱቅ ሳይቀር ለወጠች። አንድ ዜሮ ቀንስ የሚለኝ ሰው ቤቱ ውስጥ አልነበረም። ቢኖር አሥራ ሁለት ይመጣ ነበር። በፖሊሱ ወረቀት ላይ የተጻፈውም አሥራ ሁለት ነው።

አንድ እሑድ ብቻዬን ባዶ ሜዳ ሄድኩ። የማስተማሪያዋን መኪና አቁሜ መሪዋን ጠምዝዤ ተነሳሁ፤ ከዚያ ቀጥ አድርጌ ቆሜ ተነሳሁ። ሃያ ሃያ ጊዜ በሰዓት ለካሁ። ልዩነቱ ሠላሳ ሰከንድ አይደለም። ሦስትም አይደለም። አንድ አይሞላም።

ከዚያ በኋላ ለለማጆቼ "ጠምዝዝ" ማለቱን ተውኩ። "ጋሼ አረጁ" አሉ። መዝገቤን አውጥቼ ለድሮዎቹም መደወል ጀመርኩ። የአራት ሺህ ሰው ስልክ የለኝም፤ ያገኘሁት ሦስት መቶ አሥራ አንድ ነው። "መሪህን ቀጥ አድርገህ ጠብቅ፣ እስክትታጠፍ ድረስ" እላለሁ። "ለዚህ ነው የደወሉት?" ብለው ይስቃሉ። ለምን እንደሆነ ግን ለአንዳቸውም አልነገርኩም።

ከዚያ ልጄ መጣች። የእናቷን ሱቅ ይዛ ቀጥላለች፤ መጋረጃው መድረስ አለበት። "አስተምረኝ" አለች። "ከአንተ ሌላ ማን ጋ እሄዳለሁ?"

ስድስት ሳምንት አስተማርኳት። ያቺን መስቀለኛ መንገድና መሐል ላይ ቆሞ የሚያስጠብቅ ግራ መታጠፊያን ሁሉ ግን በሰበብ በአስባቡ ዞርኳቸው፤ አንዴ ተቆፍሯል፣ አንዴ ተጨናንቋል፣ አንዴ ሰልፍ አለ። ፈተናው አራት ቀን ሲቀረው፣ ሳልናገር ራሷ ወደዚያው ነዳች። ፍሬቻ አበራች፣ ትከሻዋን ዞር አድርጋ አየች፣ የግራውን መስመር ያዘች። አረንጓዴ በራ። መሐል ገብታ ቆመች። ከዚያ ሳልጠይቃት መሪውን ወደ ግራ ጠመዘዘችው። ከሕፃንነቷ ጀምሮ ከማስተማሪያዋ መኪና የኋላ ወንበር ሆና ያየችው ነዋ።

እግሬን ሁለተኛው ፍሬን ላይ ጭኜ፣ "ቀጥ አድርጊው" አልኩ።

"ምኑን?"

"ጎማውን። መሪውን መልሺው።"

"አባዬ፣ አንተው አይደለህ እንዴ ጠምዝዙ የምትለው?"

"ተሳስቼ ነው። ቀጥ አድርገሽ ጠብቂ።"

መለሰችው። ከኋላችን አንድ መኪና ደርሶ ቆመ። በመስታወቱ አየችው፣ ከፊት የሚመጣውን አውቶቡስ አየች፣ መሪውን አየች። ልብስ ሰፊ የወለዳት ልጅ ናት፤ ቁርጥራጩን ገጣጥማ ልብሱን ለማየት ጊዜ አይፈጅባትም።

"እማዬ" አለች ቀስ ብላ፣ "ጠምዝዛ ነበር?"

ልዋሽ እችል ነበር። በዚህ ሥራ በዓለም የሚተካከለኝ የለም።

"ጠምዝዛ ነበር።"

"ባትጠመዝዝስ?"

"ፓራውልት ብቻ ነበር የሚጨረመተው።"

ከኋላ ክላክስ ጮኸ። እሷ አልሰማችም።

"ታውቅ ነበር? እሷ… ጠይቃህ ታውቃለች?"

"ጠይቃኛለች።"

"ስንት ጊዜ?"

"ሁለት ጊዜ።"

ዞራ አየችኝ። ጠበቀችኝ። ዕድሜዋን ሙሉ ከምለው ቁጥር ላይ ዜሮ ሲነሳ የኖረች ልጅ ናት፤ ልምድ ሆኖባት ከሁለቱ ላይ የሚቀነስ ነገር ፈለገች። አልነበረም።

አውቶቡሱ አለፈ። መንገዱ ባዶ ሆነ። ያን ጊዜ ብቻ መሪውን አዞረች፤ እያነባች፣ ግን አንድ መስመር ሳትስት፣ ከግራው መስመር ወደ ግራው መስመር ገባች። ጥቂት ነድታ ፍሬቻ አበራች፣ ቀኙን ያዘች፣ ጎሚስታው አጠገብ አቆመች። የእጅ ፍሬን ሳበች። በሕይወቴ ካየሁት የግራ መታጠፍ ሁሉ እንደዚያ ያማረ አላየሁም፤ እንዲህ ስል አንድም ዜሮ አልጨመርኩም።

"ስምንት ወር" አለች። "ስምንት ወር ያንን ሰውዬ ስረግም አጠገቤ ተቀምጠህ ሻይ ትጠጣለህ።"

"ሚጢጢ…"

"እንዳትጠራኝ።" በሩን ከፈተች። "እሱ ጋ ሄደህ ራስህ ንገረው። እኔን ደግሞ ሌላ አስተማሪ ያስጨርሰኝ።"

በእግሯ ሄደች። ቀበቶዋን እንኳ ከመውረዷ በፊት በሥርዓቱ አውልቃ ነበር። እኔ የለማጅ ምልክት ባለባት መኪና ውስጥ፣ ሹፌር በሌለበት፣ በሁለተኛው ፍሬን ላይ እግሬን ጭኜ ቀረሁ። ምን እንዳይሄድ እንደያዝኩት አላውቅም።

ዳቦ መጋገሪያው ድረስ ሄድኩ። ሰውዬው ሹፌርነቱን ትቶ ሊጥ ያቦካል፤ እስከ ክንዱ ዱቄት ነው። ነገርኩት። ሊጡን ትቶ፣ "ያም ሆኖ የነካኋት እኔ ነኝ" አለ። ከዚያ ፊቱን በዱቄታም ክንዱ ሸፈነ። የምሰማው ቃል ይኖራል ብዬ ነው የሄድኩት፤ ስድብ፣ ምናልባት። ሳልሰማ ወጣሁ።

ልጄ ፈተናዋን አለፈች፤ ያስተማራት ያ የመኪና መስታወት ዝቅ አድርጎ የሳቀብኝ ባልደረባዬ ነው። ሱቁን ወደ አክስቷ ቤት ወሰደችው። ስፌት መኪናው፣ መቁረጫው ጠረጴዛ፣ ጠመኔው፣ ሁሉም ሄደ። ክፍሉን ስጠርግ ከግድግዳው ሥር ቀይ ክር አገኘሁ።

ማክሰኞ ማክሰኞ ጠዋት መጋረጃ ይዛ በዚያው መንገድ ታልፋለች። እኔም ጎሚስታው በር ላይ የተቆለሉ አሮጌ ጎማዎች ላይ ተቀምጬ እጠብቃለሁ። ጎሚስታው ቀልደኛ ሰው ነው፤ በመጀመሪያ ለሥራ የመጣሁ መስሎት ነበር።

ባለፈው ማክሰኞ፣ "ጋሼ፣ እዚህ የሚጠብቁት ማንን ነው?" አለኝ።

"ልጄን።"

"ቆማ ታነጋግርዎታለች?"

አፌ ሊቀድመኝ ነበር። በየሳምንቱ ትቆማለች፣ ሰዓት ሙሉ እንጫወታለን፣ ቁርስ ታመጣልኛለች። ምላሴ ላይ ደርሶ ነበር።

"አትቆምም" አልኩት።

"ዞራስ አይታዎት ታውቃለች?"

"አንድ ጊዜ።"

ይህን እንዳልኩ መኪናዋ ብቅ አለች። የግራውን መስመር ከሩቁ ይዛለች፣ ፍሬቻዋ ይበራል ይጠፋል። መሐል ገብታ ቆመች። ከኋላዋ አንድ ትልቅ መኪና መጥቶ ተጠግቷት ቆመ፤ እኔም ከተቀመጥኩበት ሳላውቀው ተነስቼ፣ ባዶ አስፋልት ላይ በቀኝ እግሬ ፍሬን ረግጫለሁ። አላየችኝም። ዓይኗ ከፊት በሚመጡት ላይ ነው። ጎንበስ ብዬ የፊት ጎማዎቿን አየሁ።

ቀጥ ብለዋል።

ሦስት መኪና አሳለፈች፣ አራተኛውንም አሳለፈች። ከዚያ መሪዋን አዞረችና ሄደች።